ማተብና ሜዳሊያ በፓሪስ

ፓሪስ ውስጥ ሃይማኖት የሚኖረው ሸሚዝ ሥር ነው። እኛ አገር አንገት ላይ የሚታሰር ነገር እንዲታይ ነው የሚታሰረው። ማተቡ ከሩቅ ይታያል፣ መስቀሉ ደረት ላይ ይንጠለጠላል፣ የሚምልም "በማተቤ" ይላል። እዚህ ግን አብሮህ ለዓመታት የሠራ ሰው አንድ ሞቃት ቀን ቁልፉን ሲፈታ፣ አንገቱ ላይ እንቁላል የመሰለች ሚጢጢ ሜዳሊያ ታያለህ። "አማኝ ነህ እንዴ?" ስትለው ይደነግጣል። "ኧረ አይደለሁም፣ አያቴ ናት የሰጠችኝ" ይልሃል።

ያቺ ሜዳሊያ ብዙውን ጊዜ ካቶሊኮች "ተአምረኛዋ ሜዳሊያ" የሚሏት ናት። ትውልዷም እዚሁ ከተማ ነው፤ ሩ ዱ ባክ በሚባለው መንገድ 140 ቁጥር ያለው የመነኮሳት ጸሎት ቤት፣ ቦን ማርሼ ከሚባለው የሀብታሞች መደብር አጠገብ። በአንዱ በር የውድ ዕቃ ከረጢት ያንጠለጠሉ ሰዎች ይወጣሉ። በሌላው በር ለዘመድ አዝማድ የሚበቃ ሜዳሊያ በፖስታ የያዙ ይወጣሉ። ሁለቱንም የያዘ አይጠፋም።

ነገሩ የተጀመረው በፈረንጆቹ 1830 ነው። ካትሪን ላቡሬ የምትባል የ24 ዓመት የገበሬ ልጅ እዚያ ቤት ለምንኩስና ገና በሙከራ ላይ ነበረች። እመቤታችን ተገለጠችልኝ፣ በዚህ መልክ ሜዳሊያ አሠሩ አለችኝ ብላ ለንስሐ አባቷ ነገረች። እሳቸው በቀላሉ አላመኗትም። ሁለት ዓመት ቆይቶ ግን የፓሪሱ ሊቀ ጳጳስ ፈቀዱና በ1832 የመጀመሪያዎቹ ሜዳሊያዎች ተሠሩ። ያን ዓመት ኮሌራ ከተማዋን እየፈጃት ነበር። ፓሪስ ውስጥ ብቻ ከ18,000 በላይ ሰው ሞቷል። የካትሪን ማኅበር ሲስተሮች ሜዳሊያዋን ለበሽተኞች አደሉ፣ ሕዝቡ ዳንን አለ፣ "ተአምረኛዋ" የሚለውን ስም ያወጣላትም ሕዝቡ ነው።

እኔን የሚገርመኝ ግን ከዚያ በኋላ ያለው ነው። ካትሪን እስከ ሞተችበት እስከ 1876 ድረስ አረጋውያንን ስትጦር ኖረች። ያየችው እሷ መሆኗን አብረዋት የሚኖሩት እንኳ በወጉ አያውቁም ነበር። ዛሬ እኛ ዘንድ ራእይ ያየ ሰው በማግስቱ ዩቲዩብ ላይ ነው። ሦስተኛው ቀን ላይ የባንክ ሒሳብ ቁጥር ከታች ይለጠፋል።

ሜዳሊያዋን በእጄ ይዤ ሳያት መጀመሪያ የመጣብኝ ጥያቄ "ልጇስ?" የሚል ነበር። የኢትዮጵያ ዓይን እመቤታችንን ያለ ልጇ ማየት አልለመደም። የቤተ ክርስቲያናችን ሥዕል ምስለ ፍቁር ወልዳ ነው፤ ልጇን ታቅፋ፣ ሚካኤልና ገብርኤል በግራ በቀኝ ሰይፍ መዝዘው። እዚህች ላይ ግን ብቻዋን ቆማለች። እግሯ ሥር ዓለምና እባብ አለ፣ እጆቿ ባዶ ናቸው፣ ወደ ታች ተዘርግተዋል፣ ከጣቶቿም ብርሃን ይፈሳል። ዙሪያውን "ያለ ኃጢአት የተፀነስሽ ማርያም ሆይ፣ ወደ አንቺ ለምንሸሽ ለምኝልን" የሚል ጸሎት ተጽፏል። ሮም ያለ ኃጢአት ተፀነሰች የሚለውን ትምህርት ዶግማ አድርጋ ያወጀችው በ1854 ነው፤ ሜዳሊያዋ ቀድማለች። ወደ ሊቃውንቱ ክርክር አልገባም።

ልጇ ያለው በጀርባዋ በኩል ነው። ብትገለብጣት መስቀል ታያለህ፣ ከሥሩ "ኤም" የምትባለው የማርያም ፊደል፣ ከፊደሉ በታች ሁለት ልብ። አንዱ የእሾህ አክሊል የታሰረበት የልጇ ልብ ነው፤ ሌላው ሰይፍ የወጋው የእሷ። አረጋዊው ስምዖን "በነፍስሽ ሰይፍ ያልፋል" ያላት እዚህ ተቀርጿል። ሕፃኑን ፈልገህ ስቅለቱን ታገኛለህ። ከጥፍር በማይበልጥ ቆርቆሮ ላይ ይህን ሁሉ መጻፍ እውነትም ጥበብ ነው።

ዙሪያውን 12 ከዋክብት አሉ። የአውሮፓን ባንዲራ ከነደፉት ሰዎች አንዱ አርሴን ሄትዝ በስተእርጅናው ሐሳቡን ከነዚህ ከዋክብት እንዳገኘ ተናግሯል። ባለሥልጣናቱ ግን 12 የሙሉነት ቁጥር ነው፣ ሌላ ምሥጢር የለውም ይላሉ።

ካትሪን ከተናገረችው ውስጥ አንድ ነገር ከአእምሮዬ አልወጣም። በራእዩ እመቤታችን ካደረገቻቸው ቀለበቶች ፈርጦች አንዳንዶቹ ብርሃን አልነበራቸውም። ለምን ቢባል፣ ሰው ሳይጠይቃቸው የቀሩ ጸጋዎች ናቸው ተብላለች። ይህ ነገር ለፈረንሳዮች የተነገረ መሆን አለበት። እኛማ ሳንጠይቅ የምንተወው ነገር የለም! ቪዛው፣ ትዳሩ፣ ኮንዶሚኒየሙ፣ ሁሉም ስለት አለው።

የልብሱን ነገር ልጨርስ። በ2004 የወጣው ሕግ ተማሪዎች በመንግሥት ትምህርት ቤት ጎልቶ የሚታይ የሃይማኖት ምልክት እንዳያደርጉ ይከለክላል። ትንሽ፣ ዓይን የማይስብ ምልክት ይፈቀዳል። ሜዳሊያዋ ለዚህ ሕግ የተሠራች ትመስላለች። ከአክሱም የመጣ የብር መስቀል የተሰጠው የእኛ ልጅ ግን ጠዋት ጠዋት "አስገባው!" ይባላል። አገር ቤት ያሉት አያት ደግሞ በቪዲዮ ሲደውሉ "መስቀልህ የት ሄደ?" ይላሉ። ልጁ ለሁለቱም መልስ መስጠት አለበት።

እዚህ አረጋውያንን የሚንከባከቡ እህቶቻችን የሚያነሱት ጥያቄም አለ። ማዳም አንድ ቀን መሳቢያዋን ከፍታ ሜዳሊያዋን ትሰጣታለች። ታድርገው? ከማተቧ ጋር? የማውቃቸው ብዙዎቹ እምቢ አይሉም፣ አንገታቸው ላይም አያስሩትም፣ ቦርሳቸው ውስጥ ይከቱታል። "የፈረንጅ ነው" ብላ የጣለችም አለች። ሜዳሊያዋን ያሠራጩት ላዛሪስቶች የሚባሉት የካቶሊክ ሚስዮናውያን እኮ ለእኛም ባዕድ አይደሉም፤ አቡነ ያዕቆብ የምንላቸው ጣሊያናዊው ዩስጢኖስ ደ ያቆቢስ ላዛሪስት ነበሩ፣ በ1839 ዓድዋ ገብተዋል። የእኔ ምክር፣ በሁለት እጅሽ ተቀበያት። ማዳም ሃይማኖትሽን ልታስለውጥሽ አይደለም። ቧንቧ ሊጠግን ለመጣው ሰውዬም ሰጥታዋለች።