ፓንሲን እንድንወዳት ማን ጠየቀን?

የ2025 የኦስካር እጩዎች ታወቁ፤ የማሪያን ዣን-ባፕቲስት ስም ግን የለም። በዳይሬክተር ማይክ ሊ ፊልም "ሃርድ ትሩዝስ" ላይ ፓንሲ የተባለችውን ሴት ሆና የተወነችው እንግሊዛዊት ከአምስቱ ምርጥ ተዋናዮች አንዷ መሆን አልተገባትም ተባለ። የኒውዮርክ ሃያሲያን ግን መርጠዋታል። የሎስ አንጀለሶቹም መርጠዋታል። የአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም ሃያሲያን ማኅበርም እንደዚሁ። የእንግሊዙ የፊልም ሽልማት ባፍታ እንኳ አጭቷታል። ኦስካርን የሚሰጠው አካዳሚ ግን አላየሁም፣ አልሰማሁም ብሎ አለፈ።

ነገሩ በዚህ ቢያበቃ ንዴቴን ዋጥ አድርጌ እተወው ነበር። ደሜን ያፈላው ተከትሎ የመጣው ማመካኛ ነው። "ትወናዋ ጥሩ ነው፤ ግን ፓንሲ አትወደድም። እንዲህ ያለችን ነጭናጫ ሴት አንድ ሰዓት ተኩል ማን ይችላታል?" ይሉናል።

ይኼ ክርክር ነው? ዳንኤል ዴይ-ሉዊስ "ዜር ዊል ቢ ብለድ" ላይ የሆነውን ነዳጅ ቆፋሪ ማን ወደደው? ያሳደገውን ልጅ የሚክድ፣ ሰው የሚገድል ጨካኝ ነው። በ2008 ኦስካሩን ወሰደ። አንቶኒ ሆፕኪንስ የሰው ሥጋ የሚበላ ገዳይ ሆኖ በ1992 አሸነፈ። ጆአኪን ፊኒክስ ጆከርን ሆኖ በ2020 አሸነፈ። ያኔ "አይወደድም" ብሎ በር የዘጋባቸው የለም። ጭራሽ ክፋታቸው እንደ ጥልቀት ተቆጠረላቸው። ፓንሲ ማንንም አልገደለችም። የደከማት፣ የምትፈራ፣ ፍርሃቷን በስድብ የምትሸፍን የለንደን እናት ናት። እሷን ነው እንግዲህ መቻል ያቃተን!

ደግሞስ ፊልሙን በደንብ አይታችሁታል? እራት ላይ ስለ ሕፃን ልብስ የምትለፈልፈውን አስታውሱ። ሕፃን ልጅ ኪስ ምን ያደርግለታል፣ ምን ሊይዝበት ነው ትላለች። ተመልካች ይስቃል። ባሏና ልጇ ግን አንገታቸውን ደፍተው ይበላሉ። ያ ቤት ስንት ዓመት እንዲህ እንደኖረ በዚያ ዝምታ ይገባችኋል። ከዚያ ደግሞ የእናቶች ቀን ይመጣል። እህቷ ቤት ተቀምጣ ልጇ ሞዝስ አበባ እንደገዛላት ትሰማለች። ትስቃለች። ሳቁ አልቆም ይላታል። ሳይቋረጥ ልቅሶ ይሆናል። የቱ ጋ እንደተለወጠ ደጋግማችሁ ብታዩትም አትይዙትም። ይህን አይቶ "አትወደድም" የሚል ሰው፣ ፊልሙ ሲታይ ስልኩን ሲነካካ ነበር ማለት ነው።

መገፋቱ ለእሷ አዲስ አይደለም። በ1996 በወጣው፣ በዚያው በማይክ ሊ "ሲክሬትስ ኤንድ ላይስ" ፊልም ሆርቴንስን ሆና ለኦስካር ታጨች፤ ለትወና የታጨች የመጀመሪያዋ ጥቁር እንግሊዛዊት ሆነች። በ1997 የፈረንሳዩ የካን የፊልም ፌስቲቫል 50ኛ ዓመቱን ሲያከብር የእንግሊዝ ወጣት ተዋንያን ተሰብስበው ሲሄዱ፣ እሷን የጠራት አልነበረም። ዝም አላለችም፤ በአደባባይ ተናገረች። ከዚያ አሜሪካ ገብታ "ዊዝአውት ኤ ትሬስ" ላይ ሰባት ሲዝን የኤፍቢአይ መርማሪ ሆነች። በ2015 "ብሮድቸርች" ላይ ጠበቃ ሆና ታየች። ለሌላ መሪ ተዋናይ አጃቢ ሆና ብዙ ዓመት ሠራች። በ57 ዓመቷ ሙሉ ፊልም ጫንቃዋ ላይ ሲወድቅ እንዲህ ተሸከመችው፤ እነሱ ደግሞ መውደድ አለመውደድ ይነግሩናል።

እሺ፣ ፊልሙ እንደ ትልልቆቹ ስቱዲዮዎች ለኦስካር ቅስቀሳ የሚረጨው ገንዘብ አልነበረውም። ይህን አልክድም። ግን ለትወና እጩዎችን የሚመርጡት ተዋንያን ራሳቸው ናቸው። ማስታወቂያ ሳያስፈልጋቸው ሥራውን ማወቅ የነበረባቸው እነሱ ነበሩ። ያንን ሳቅ እስኪ ካሜራ ፊት ቆመው ይሞክሩት።