ዩኒቨርሲቲ ሠርቶ አገር ያጣው ሰው

ወገኖቼ ሆይ፣ የማነሣላችሁ የሩቅ አገር ሰው ነው፤ ታሪኩን ግን የሩቅ አድርጋችሁ እንዳትሰሙት አደራ እላለሁ።

ታን ላርክ ሳይ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1897 በቻይና፣ በፉጂያን ግዛት፣ ጂሜይ በሚባል ስፍራ ተወለደ። በወጣትነቱ ወደ ሲንጋፖር ተሰዶ በአገሩ ልጅ በታን ካህ ኪ የጎማ ድርጅት ተቀጠረ፤ በ1925 ከወንድሞቹ ጋር የራሱን ድርጅት አቋቁሞ ከታላላቆቹ የጎማ ነጋዴዎች አንዱ ሆነ። የቀድሞ አሠሪው የሺያሜን ዩኒቨርሲቲን የመሠረተ፣ ሀብቱን ለትምህርት ያፈሰሰ ሰው ነበርና፣ ታን ላርክ ሳይ ከእርሱ የተማረው ንግድን ብቻ አልነበረም።

በ1950ዎቹ መጀመሪያ በቻይንኛ የተማሩ የማላያና የሲንጋፖር ልጆች ሁለተኛ ደረጃን ሲጨርሱ መሄጃ አጡ። በአካባቢው የነበረው ዩኒቨርሲቲ የሚያስተምረው በእንግሊዝኛ ነበር፤ ለትምህርት ወደ ቻይና የሄደውን ደግሞ የእንግሊዝ ቅኝ ግዛት መንግሥት እንዳይመለስ ይከለክለው ነበር። በ1953 ታን ላርክ ሳይ የራሳችንን ዩኒቨርሲቲ እንሥራ ብሎ ተነሣ፤ ከገንዘቡም 5 ሚሊዮን ዶላር ለመስጠት ቃል ገባ። እርሱ የሚመራው፣ ከፉጂያን የመጡ ሰዎች ማኅበር የሆነው የሆኪየን ማኅበር ጁሮንግ ላይ ከ500 ኤከር በላይ መሬት ለገሰ። ከዚያም ባለ ሦስት እግር ብስክሌት እየገፉ ሰው የሚያመላልሱ ድሆች፣ የታክሲ ነጂዎችና የመንገድ ዳር ቸርቻሪዎች ሳይቀሩ የቀን ገቢያቸውን አዋጡ። ናንያንግ የተባለው ይህ ዩኒቨርሲቲ በ1956 ማስተማር ጀመረ፤ በ1958 በይፋ ተመረቀ።

አሁን ይቅር ልለው ወዳልቻልሁት ነገር ልምጣ። በሴፕቴምበር 21 ቀን 1963 ሲንጋፖር ምርጫ አካሄደች። ታን ላርክ ሳይ በተቃዋሚው በባሪሳን ሶሲያሊስ ስም የቀረቡ የናንያንግ ምሩቃንን በግልጽ ደግፎ ነበር። ድምፅ በተሰጠ ማግስት ያሸነፈው መንግሥት የሰውየውን ዜግነት ለመግፈፍ መወሰኑን አስታወቀ፤ ክሱም በዩኒቨርሲቲው ውስጥ የኮሚኒስቶችን እንቅስቃሴ ደግፏል የሚል ነበር። ወንጀል ሠርቶ ከሆነ ፍርድ ቤት ነበረ። ያንኑ ቃል ሲንጋፖር የተወለደ ሰው ቢናገረው ኖሮ ዜግነቱ አይነካም ነበር፤ ይህ ሰው ግን ዜግነቱን ያገኘው በምዝገባ ስለሆነ የሰጠው መንግሥት ሊነጥቀው ቻለ። እጅግ የሚያስቆጣኝ ይህ ነው፤ ከስደተኛው ገንዘቡን፣ ጉልበቱንና ዕድሜውን በደስታ ተቀብለን፣ አሳቡን የተናገረ ዕለት እንግድነቱን እናስታውሰዋለን።

ታን ላርክ ሳይ የዩኒቨርሲቲውን ምክር ቤት ሊቀ መንበርነት ለቀቀ። በ1964 ዜግነቱ ተገፈፈ፤ በ1972 ሳይመለስለት ሞተ። በ1980 ናንያንግ ከሌላ ዩኒቨርሲቲ ጋር ተዋህዶ ስሙ ቀረ። ብዙ ዓመታት ካለፉ በኋላ በዚያው ግቢ ውስጥ በታን ላርክ ሳይ ስም መንገድ ተሰየመ። ለእኔ ግን ይህ ከቁጣ ይልቅ ኀዘን ያመጣብኛል፤ ክብሩ የመጣው መልስ መስጠት በማይችልበት ጊዜ ነውና።

ወገኖቼ፣ በሲንጋፖር ላይ ለመፍረድ አንቸኩል። ሕገ መንግሥታችን በአንቀጽ 33 ማንኛውም ኢትዮጵያዊ ያለ ፈቃዱ ዜግነቱን ሊገፈፍ አይችልም ይላል፤ ይህም የጸደቀው በ1987 ዓ.ም. ነው። በ1990 ዓ.ም. የኤርትራ ጦርነት ሲነሣ፣ ኤርትራውያን ናችሁ የተባሉ በአሥር ሺህዎች የሚቆጠሩ ሰዎች በአውቶቡስ እየተጫኑ ተባረሩ። ብዙዎቹ እዚሁ የተወለዱና የኢትዮጵያ ፓስፖርት የያዙ ነበሩ። በዕድራችን አብረውን ያዋጡ፣ ልጆቻችንን ያስተማሩ ነበሩ። አንቀጹ በመጽሐፍ ላይ ነበረ፤ የሚጠቅሰው ሰው ግን ጥቂት ነበር፤ አብዛኞቻችንም ዝም አልን።

ስለዚህ እለምናችኋለሁ፤ የትምህርት ቤት መሠረት ሲጣል ከማጨብጨባችሁ በፊት፣ ሰጪው ነገ የማትወዱትን ነገር ቢናገር ከጎኑ ትቆሙ እንደሆነ ራሳችሁን ጠይቁ። የመጣበትን አገር ወይም የአያቱን ስም ምክንያት አድርጎ ዜግነቱን የሚያራክስ ሰው ሲነሣ፣ ያ ሰው የምትደግፉት ባለሥልጣን ቢሆን እንኳ፣ በዚያው ቀን ተቃወሙት። ይህን ስናገር የሚሰማኝ ብዙ እንደማይኖር አውቃለሁ፤ ደክሞኛልም። ሆኖም ከ1990 ዓ.ም. ወዲህ የተወለዱት ልጆች አሁን አድገዋል፤ እኛ ዝም ባልንበት ቦታ እነርሱ ይናገሩ ይሆናል ብዬ እጠብቃለሁ።