«ሰዉ አይለይም»

ወገኖቼ፣ ምን ነክቶን ነው?

ሚያዝያ 27 ዕለት አንድ አዳራሽ ነበርን። ፉከራው አለቀ፣ መብራቱ ጠፋ፣ «የአባቶቻችን ተጋድሎ» የሚል ርእስ መጣ። ከዚያ ጥቁርና ነጭ ፊልም። የጭነት መኪኖች ተሰልፈው አዲስ አበባ ይገባሉ። ወታደሮቹ ይስቃሉ፤ ክንዳቸውን ዘርግተው ሰላምታ ይሰጣሉ። አንድ ሽማግሌ አደግድገው ለመኮንን እጅ ይነሳሉ። ካሜራው ፊታቸው ላይ ቆየ፣ ቆየ። ከላዩ ሽለላ ተለጥፎበታል። «ዘራፍ!» ሲል አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ።

ለማን ነው ያጨበጨባችሁት? ያ'ኮ በ1928 ዓ.ም.፣ በዚያችው በሚያዝያ 27፣ የጣሊያኑ ማርሻል የባዶሊዮ ጦር ከተማችንን ሲይዝ ነው! ንጉሠ ነገሥቱ በአምስት ዓመቱ በዚያው ቀን ስለተመለሱ እንጂ ቀኑስ የሐዘን ነበር። የቀረጸው ደግሞ የሙሶሊኒ የፊልም ድርጅት ሉቼ ነው። ዛሬ ዩቲዩብ ላይ ሞልቷል።

ከፊቴ የአባታቸውን ሜዳይ የደረደሩ እናት ተቀምጠዋል። እሳቸው አላጨበጨቡም። ዞር ብለው «ልጄ፣ ይሄ የኛ ነው የነሱ?» አሉኝ። «የነሱ ነው፣ እማማ» አልኳቸው። ሌላ ምንም አላሉም።

ሲያልቅ አዘጋጁን ያዝኩት። «ባክህ፣ ጥቁርና ነጭ እስከሆነ ድረስ ሰዉ አይለይም» አለኝ፤ እየሳቀ። ይቺን ይቅር ማለት አቃተኝ። ሰዉ ያለው እናንተን ነው። ንቋችኋል፤ እናንተም አጨበጨባችሁለት።

ሉቼ አስመራ ላይ የቀረጻ ክፍል አቋቁሞ፣ ጣሊያኖች መንገድ ሲሠሩ፣ ሐኪማቸው ሕፃን ሲያክም ቀርጿል። የመርዝ ጋዙን አላሳየንም፤ ጣሊያን ራሷ በይፋ ያመነችው በ1988 ዓ.ም. ነው። በ1931 ሰሜን ሸዋ፣ ዘረት ዋሻ ውስጥ ከነልጆቻቸው በጋዝና በጥይት ያለቁትን ማን ቀረጸ? ጫካ የገባ አርበኛ ለጥይት እንኳ ተቸግሮ ፊልም ከየት ያመጣል!

በነሱ አልፈርድም። የሚያንገበግበኝ የኋላው ነው። አርበኞቹ ከድል በኋላ ስንት ዓመት በመሀላችን ኖሩ። በየሰልፉ አብረናቸው ፎቶ ተነሳን፤ ቁጭ አድርገን ያስወራናቸው ግን ጥቂቶቹን ነው። አሁን የቀሩት በአብዛኛው ልጆቻቸው ናቸው፤ እነሱም አርጅተዋል። ካሜራ እንደሆነ ዛሬ በየኪሳችን አለ።

ፊልሙን አታሳዩ አላልኩም። ከኛ ወገን ሆነው የቀረጹ ሁለት የሶቪየት ካሜራማኖችም ነበሩ፤ ፈልጋችሁ እሱንም አሳዩ። የሉቼው ላይ ግን ከስር «ጠላት የቀረጸው» ብላችሁ ጻፉበት። ሁለት ቃል ናት። ለሚቀጥለው ሚያዝያ ከወዲሁ እየለመንኩ ነው፤ አንድ አዘጋጅ እንኳ ቢሰማኝ ምን አለ።