«ገዛ» አትበሉኝ

ሰሞኑን አንድ የአማርኛ የዩቲዩብ ውይይት ስሰማ ስለ ኒውዚላንድ ተነሳ። የዋይታንጊን ውል፣ ማለትም የእንግሊዝ ዘውድ ከአገሩ ነባር ሕዝብ ከማኦሪዎች ጋር በ1840 የተፈራረመውን ስምምነት፣ እንደ አዲስ ሊተረጉም የነበረው ረቂቅ ሕግ በ2025 ኤፕሪል 112 ለ11 በሆነ ድምፅ መውደቁ ነው የወሬው መነሻ። አንዱ እንግዳ «ማኦሪዎች ተቀሙ የሚባለው ተጋኗል» አለ። «ዌክፊልድ መሬቱን በውል ገዛ እንጂ በጦር አልወሰደም።» ዌክፊልድ በ19ኛው ክፍለ ዘመን እንግሊዛውያንን ኒውዚላንድ ለማስፈር የተነሳ ሰው ነው። እስር ቤት ገብቶ እንደነበር ለእንግዳው ሲነሳበት ደግሞ «እሱ የወጣትነት ስሕተት ነው፤ የግል ሕይወቱን ከሥራው እንለይ» ብሎ መለሰ። አወያዩ ራሱን ነቀነቀና ወደ ሌላ ጥያቄ ሄደ።

እኔ አላልፈውም።

ከ«ወጣትነቱ» ልጀምር። ኤድዋርድ ጊበን ዌክፊልድ የተወለደው ማርች 20 ቀን 1796 ነው። ኤለን ተርነርን ያታለላት ማርች 7 ቀን 1826 ነው። 30 ዓመት ሊሞላው 13 ቀን ቀርቶት ነበር። ሚስቱ የሞተችበት፣ የሁለት ልጆች አባት ነበር። ያችን ሚስቱንም ቢሆን፣ ሀብት የምትወርስ ልጅ ስለነበረች፣ በ20 ዓመቱ ይዟት ኮብልሎ ነው ያገባት። ሁለት ጊዜ የተሠራ ነገር ስሕተት አይባልም።

ኤለን 15 ዓመቷ ነበር። ሊቨርፑል ውስጥ አዳሪ ተማሪ ነበረች። አባቷ የናጠጠ ባለ ፋብሪካ ነው። አንድ ቀን ትምህርት ቤቷ በር ላይ ሠረገላ መጥቶ ቆመ። እናትሽ በድንገት ታማለች፣ ቶሎ ነይ የሚል ደብዳቤም ይዟል። ልጅቷ ተሳፈረች። መንገድ ላይ ዌክፊልድ ተቀበላት። አባትሽ ከስሯል፣ ከአበዳሪዎች ሸሽቷል፣ እኔን ካገባሽኝ ግን ንብረቱ ይተርፋል አላት። በማግስቱ ስኮትላንድ ድንበር ላይ፣ ግሬትና ግሪን ወስዶ አገባት።

ልብ በሉ፤ ኤለን እሺ ብላለች። እጇን የጠመዘዘ የለም። ጠመንጃ የደቀነባትም የለም። እኛ ግን ለዚህ ሥራ ቃል አለን፤ ጠለፋ ነው። የእንግሊዝ ፍርድ ቤትም እንደዚያው ነው ያየው። ዌክፊልድ ኒውጌት እስር ቤት 3 ዓመት ገባ። ጋብቻውን ፓርላማ በ1827 አፈረሰው። እሺታዋ በውሸት የተወሰደ ነውና ለምንም አልጠቀመውም።

ታናሽ ወንድሙ ዊልያም ግብረ አበሩ ነበር። እሱም ላንካስተር 3 ዓመት ታሰረ። ይህን ስም ያዙልኝ።

ዌክፊልድ ኒውጌት ውስጥ ቁጭ ብሎ፣ ሲድኒ የሚኖር ባለ ርስት መስሎ፣ ስለ አውስትራሊያ መሬት ለጋዜጣ ደብዳቤ ይጽፍ ነበር። አገሩን በዓይኑ አይቶት አያውቅም። ሐሳቡ ይህ ነው፦ መሬት በርካሽ ከተሸጠ ሠራተኛው ቶሎ ገዝቶ የራሱ ጌታ ይሆናል፤ ስለዚህ ዋጋው ይወደድ፣ እሱም ለባለ ገንዘቡ ተቀጥሮ ይቆይ። እዚያው እስር ቤት ያየውን ይዞ በሞት ቅጣት ላይ የጻፈው ጥሩ ነው፤ አልክድም። የመሬቱ ሐሳብ ግን ከመነሻው ድሃውን ከመሬት ለማራቅ የተሰላ ነው።

አሁን ወደ «ግዢው» እንምጣ። በ1839 ሜይ፣ በዌክፊልድ ሐሳብ የተቋቋመውና ለሰፋሪ መሬት የሚሸጠው የኒውዚላንድ ኩባንያ ቶሪ የምትባል መርከብ ላከ። መሬት እንዲገዛ የተላከው ማን ነው? ዊልያም ዌክፊልድ። ላንካስተር የታሰረው ያው ዊልያም! የግል ሕይወትን ከሥራ እንለይ የሚለው ሰው እስቲ እዚህ ጋ ይለይልኝ። ወንድማማቾቹ ያው ናቸው፤ ዘዴውም ያው ነው።

ጁላይ መጨረሻ ላይ ለንደን ውስጥ ለመሬቱ ዕጣ ወጣ። 1,100 ክፍል፣ እያንዳንዱ 101 ኤከር፣ ኤከሩ በ1 ፓውንድ። ቶሪ በዚያ ቀን ገና ባሕር ላይ ነበረች። መሬቱን ያየ የለም፤ ከባለቤቱ ጋር የተነጋገረም የለም። መጀመሪያ ተሸጠ፣ ከዚያ ተገዛ። የሌላ ሰው ቤት ቀድሞ ሸጦ ቁልፉን በኋላ የሚለምን ደላላ ሰፈራችሁ ቢመጣ ምን ትሉታላችሁ?

«ውሉ» የተፈረመው ሴፕቴምበር 27 ቀን፣ ዛሬ ዌሊንግተን ያለችበት ወደብ ላይ ነው። ክፍያው ተዘርዝሯል። 120 ጠመንጃ፣ 100 ቀይ ብርድ ልብስ፣ 48 የብረት ድስት፣ 1,200 የዓሣ መንጠቆ፣ 60 ቀይ የመኝታ ቆብ፣ 12 ጃንጥላ፣ አንድ ኪሎ የማይሞላ ጨሌ። የማኦሪ አለቆች የማያነቡት እንግሊዝኛ ወረቀት ላይ ምልክታቸውን አኖሩ። አስተርጓሚው ዲኪ ባሬት የሚባል ዓሣ ነባሪ አዳኝ ነበር፤ ማኦሪኛው የተሰባበረ ነው። በኋላ የመሬት ግዢዎቹን የሚመረምረው ኮሚሽነር ዊልያም ስፔን ፊት ቀርቦ፣ ውሉን ያን ጊዜ እንዴት አድርገህ ነበር የተረጎምከው ተባለ። 1,600 ቃል የሚሆነው ሰነድ በእሱ አፍ 115 ትርጉም የለሽ ቃላት ሆኖ ወጣ።

አለቆቹ እሺ ብለዋል። ኤለንም እሺ ብላ ነበር። ለሀብታም ልጅ ሲሆን ወንጀል፣ ለማኦሪ ሲሆን ግዢ የሚሆንበትን ምክንያት የሚነግረኝ ሰው አላገኘሁም። የማኦሪዎችን አቤቱታ የሚመረምረው የዋይታንጊ ትሪቡናል ያንን ውል ዋጋ የለውም ያለው በ2003 ነው፤ 164 ዓመት አልፎ።

«ከተገዛው መሬት አሥረኛው እኮ ለማኦሪ ተከልሎ ነበር» የሚሉም አሉ። ኩባንያው ሰፋሪዎች ባሰፈረባት በኔልሰን ሊከለል የሚገባው 15,100 ኤከር ነበር። የተከለለው 5,100 ነው። የኒውዚላንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2017 መንግሥት ለባለቤቶቹ የአደራ ግዴታ ነበረበት ብሎ ፈርዷል። በቸርነት የሚጠራው ተስፋ እንኳ ሲሦው ነው የተፈጸመው!

በጦር አልወሰደም የሚለውም ልክ አይደለም። በ1843 ጁን ሦስተኛው ወንድም አርተር ዌክፊልድ የታጠቁ ሰዎች ይዞ ዋይራው ወደሚባል ሸለቆ ሄደ፤ የማኦሪ አለቃውን ቴ ራውፓራሃን ሊያስይዝ። የአለቃው ጥፋት፣ አልሸጥኩትም ባለው መሬት ላይ ቀያሾች እንዳይሠሩ ማስቆሙ ነው። ተኩስ ተከፈተ። 22 እንግሊዛውያንና ቢያንስ 4 ማኦሪዎች ሞቱ፤ አርተርም እዚያው ቀረ። አገረ ገዢው ፊትዝሮይ ራሱ ጥፋቱ የሰፋሪዎቹ ነው አለ።

ኤድዋርድ ዌክፊልድ ኒውዚላንድን በእግሩ የረገጠው በ1853 ነው። በዚያው ዓመት ለሃት ወረዳ ፓርላማ ተመረጠ። በ1862 ዌሊንግተን ውስጥ ሞተ፤ ዊልያም በጃንጥላና በመኝታ ቆብ «በገዛው» መሬት ላይ። ኤለን ከብዙ ዓመት በፊት፣ በ1831፣ በ19 ዓመቷ በወሊድ አርፋለች።

እንግዳው በሚቀጥለው ጊዜ ሲጋበዝ የሴፕቴምበር 27ን ዝርዝር ይዞ ይምጣ። አወያዩም ራሱን ከመነቅነቁ በፊት፣ ለንደን ላይ ዕጣ የወጣው መቼ እንደሆነ ይጠይቀው።