ስም ፈቺዎቻችንን ዕድሜ ይስጥልን

ጅማ ቡና፣ ዝናብና ስም ፈቺ አጥታ አታውቅም። ቡናውንና ዝናቡን ዓለም አውቆልናል፤ ስም ፈቺዎቻችን ግን ከተማዋን ይህን ያህል ዘመን ሲያገለግሉ አንድም የምስጋና ቃል አለመሰማቱ ነውር ስለ ሆነ፣ ይህችን ጽሑፍ ለእነርሱ ለማበርከት ተነሥቻለሁ። ማንን እንደምል ለአንባቢ አይጠፋውም። ሰላምታ ሰጥተዋቸው ስምዎን ሲናገሩ፣ የጨበጡትን እጅ ሳይለቁ ስምዎ ከየትኛው ቋንቋ እንደ መጣ፣ ምን ማለት እንደ ሆነና እስከ ዛሬም ትርጉሙን ሳያውቁ ሲጠሩበት እንደ ኖሩ የሚያስረዱዎት ሰዎች ናቸው። በለቅሶ ድንኳን አሉ፤ በሠርግ አሉ፤ ከመርካቶ ወደ አጂፕ በምትሄደው ባጃጅ ውስጥ እንኳ አይጠፉም።

ሰሞኑን ፈረንጅ አራዳ አካባቢ አንዲት ጎረቤታችን ወልዳ ልንጠይቃት ሄደን ነበር። ሕፃኑ ሮባ ተብሏል። ስሙን ያወጡለት ሴት አያቱ ናቸው። ከእንግዶቹ መካከል የነበሩት ሊቅ ገንፎውን ከመካከሉ ቅቤና በርበሬ እያጠቀሱ ስሙን ሲሰሙ ማንኪያቸውን አስቀመጡ፤ ቅቤ በነካው አውራ ጣታቸውም የስልካቸውን መስታወት ወዲያና ወዲህ ካመላለሱ በኋላ፣ «ሮባ የዕብራይስጥ ስም ነው፤ ረቢ ከሚለው የወጣ ሲሆን መምህር ማለት ነው» ሲሉ አስታወቁ። አያቱ ዘወር ብለው አዩአቸውና፣ «ልጄ፣ የተወለደ ለታ ሌሊቱን ሙሉ ዘንቦ ነው» አሉ። በአፋን ኦሮሞ ሮባ ዝናብ መሆኑን በዚያ ቤት ውስጥ ከሊቁና ከሕፃኑ በቀር የማያውቅ አልነበረም። ሊቁ ግን በርኅራኄ ፈገግ ብለው፣ «እማማ፣ እርስዎ የሚነግሩኝ የላዩን ነው፤ እኔ የምልዎት ሥሩን ነው» አሏቸው። አያቱም ለእንግዳ የሚገባውን አክብሮት ስለሚያውቁ ገንፎ ጨመሩላቸው።

እንግዲህ የእነዚህ ሊቃውንት ትልቁ ውለታ ይህ ነው፤ ስም ያወጣውን ሰው ከመጠየቅ ድካም ገላግለውናል። ድሮ፣ ሥልጣኔ ሳይገባን፣ የአንድን ሰው ስም ምክንያት ለማወቅ የፈለገ ሁሉ እናቱን ወይም አያቱን ይጠይቅ ነበር። እናቲቱም ካሳ ያለችው ከእርሱ በፊት የሞተባት ልጅ ስለ ነበረ መሆኑን፣ ምትኩም ማስረሻም በዚያው ኀዘን ምክንያት የሚወጡ ስሞች መሆናቸውን ቡና እያፈላች ትነግረው ነበር። ገመቹ የተባለው በመወለዱ ቤቱ ደስታ ስለ ገባው ነው፤ ጫልቱ የተባለችው ከሌላው ትበልጣለች ተብላ ነው። በላቸው የሚል ስም ያወጣ አባት ከማን ጋር ተጣልቶ እንደ ነበር መንደሩ ሁሉ ያውቃል። ይህ ሁሉ አድካሚ አሠራር ነበር፤ ስኳርና ቡና ይፈልግ ነበር፤ ከዚያም በላይ አድማጩ ዝም ብሎ እንዲያዳምጥ ያስገድድ ነበር። ዛሬ ምስጋና ለሊቆቻችን ይሁንና ስልኩ «ካሳ ማለት ክፍያ» ብሎ በአንድ ጊዜ ይገላግለናል፤ የሞተው ልጅም ከነገሩ ውስጥ ይወጣል።

ታሪካችንንም አልዘነጉትም። አንድ ሌላ ሊቅ ጅሬን ላይ ካለው ቤተ መንግሥት ደጅ ቆመው፣ ከሌላ ከተማ ለመጡ ጎብኚዎች «አባ» የሚለው ቃል የመነኮሳት መጠሪያ መሆኑን ካስረዱ በኋላ፣ ንጉሡ በወጣትነታቸው ገዳም ሳይገቡ እንዳልቀሩ ሲገምቱ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። እ.ኤ.አ. ከ1878 እስከ 1932 ጅማን የገዙት ዳግማዊ አባ ጅፋር ሙስሊም ንጉሥ ነበሩ። የአባታቸው መጠሪያ አባ ጎሞል፣ የአያታቸው አባ ቦቃ ሲሆን፣ ግንባሩ ላይ ነጭ ያለበት ፈረስ ቦቃ እንደሚባል ከብት የጠበቀ ሁሉ ያውቀዋል። አባ ታጠቅ ሲባል ቴዎድሮስን፣ አባ ዳኘው ሲባል ምኒልክን፣ አባ ነጋ ሲባል አሉላን የምናውቀው በፈረስ ስም መሆኑ ለሊቁ ቢነገራቸው፣ ምናልባት አሉላንም ያመነኩሷቸው ነበር።

በ«ኤል» ስለሚያልቁት ስሞች ብዙ አልልም። ሚካኤል ማን እንደ አምላክ ማለት መሆኑ፣ ገብርኤልና ዳንኤልም የአምላክ ስም ያለባቸው መሆኑ እውነት ነው። ከዚህ ተነሥተው ወጣት ወላጆች የፈለጉትን ቃል ወስደው መጨረሻው ላይ «ኤል» ሲቀጥሉበት ሊቃውንቱ የአምላክ ስጦታ፣ የአምላክ ብርሃን፣ የአምላክ ጽናት እያሉ ያጸድቁላቸዋል። በዚህ ሥርዓት ከሄድን ሆቴልም ሊሳለሙት የሚገባ ቤት ነው።

ከሁሉም የምወድላቸው ግን የሮበርትን ነገር ነው። ሮበርት ስለ ቡናችን ለማወቅ ከለንደን የመጣ አንድ ትሑት እንግዳ ሲሆን፣ ሮባን ኢየሩሳሌም ካደረሱት ሊቅ ጋር በዚያው ሰሞን አንድ ጠረጴዛ ላይ ተገናኘ። ስሙን እንደ ነገራቸው፣ «የእኛው ነህ!» አሉት። «ስምህ ሁለት ቃል ነው። ሮባ፣ ማለትም ዝናብ፤ ኧርዝ፣ ማለትም ምድር። ሮባ ኧርዝ፤ በምድር ላይ የዘነበ። አገርህ ወስዶ አበላሸው እንጂ የተነሣው ከዚህ ነው።» በገንፎው ቤት ረቢ ሆኖ የነበረው ሮባ፣ ሮበርት ሲያስፈልገው ተመልሶ ዝናብ እንደ ሆነ አንባቢ ልብ ይሏል። ሮበርት ማስታወሻ ደብተሩን አወጣና ጻፈ። ይህ ነው ያጠፋው።

«ባለቤትህስ ማን ትባላለች?» አሉት። ማርጋሬት ትባላለች። ሊቁ የቡና ሲኒያቸውን አስቀምጠው ዓይናቸውን ጨፈኑ። «ማር ጋር ሬት!» አሉ። «ማሩም አለባት፣ ሬቱም አለባት።» አስተርጓሚው ሬትን ለማስረዳት ፊቱን እስከ ጆሮው ድረስ አጨማደደ፤ ሮበርትም ከተቀመጠ ጊዜ ጀምሮ ለመጀመሪያ ጊዜ ከልቡ ራሱን ነቀነቀ። ልጁ ጆርጅ ነው። «ጆሮ፣ እጅ፤ በጆሮው የሚሰማ፣ በእጁ የሚሠራ» ተባለ፤ አባትየው ልጁ ሁለቱንም እንደማያደርግ ቢናገርም ሊቁ ስም ወደ ፊት የሚፈጸም ትንቢት ሊሆን እንደሚችል ገለጡለት። ውሻቸው ማክስ ይባላል። «ማክሰኞ የተወለደ ነዋ!» በዚህ ቦታ ላይ ከአጠገባችን የነበሩ ሰዎች ወንበራቸውን አስጠጉ። ከቤተሰቡ የቀረ ስላልነበረ ነገሩ ወደ ከተማው ተሻገረ፤ ለንደንም «ለእነ ደን» ሆነች፤ ደን የሚወዱ ሰዎች የሰፈሩባት። ታዲያ ደን የሚወዱ፣ ዝናብ የለመዱ፣ ማርና ሬት የሚለዩ ሰዎች ከየት ሊመጡ ይችላሉ? ከጅማ ነዋ! ሊቁ በጣታቸው ጠረጴዛው ላይ የፈሰሰውን ቡና እየሳቡ የሮበርትን ቅድመ አያት ከሂርማታ ገበያ አስነሡት፤ ከሲራራ ነጋዴዎች ጋር ጎጃምን አሻግረው ምጽዋ አደረሱት፤ መርከብ ላይ ጫኑት፤ ለንደን ላይ አወረዱት፤ ሚስትም ዳሩለት። ሮበርት ሁሉንም ጽፎታል። ያንን ደብተር ያነበበ አንድ ሰው በለንደን ካለ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

ሮበርት የተባለው ስም ከጥንቱ የጀርመን ዘር ቋንቋ የመጣ፣ ዝናንና ብሩህነትን ያጣመረ ስም ነው። ማርጋሬት ከግሪክ ሲሆን ዕንቁ ማለት ነው። ከሁሉም የሚያስቀው ግን ጆርጅ ነው። ጆርጅ ያው ጊዮርጊስ ነው፤ ከግሪክ ተነሥቶ ገበሬ የሚል ትርጉም ይዞ እነርሱም ዘንድ፣ እኛም ዘንድ የገባ አንድ ስም። ሊቁ በየወሩ በ23 የሚዘክሩትን፣ በተጣሉ ቁጥር የሚምሉበትን ጊዮርጊስ አጠገባቸው ተቀምጦ ሳያውቁት ጆሮና እጅ ቆራርጠው ሰጡት። ዝምድና ፈልገው ከሆነማ ምጽዋ ድረስ ምን አስኬዳቸው? በዚችው ጅማ ከዮሐንስ ቤት አጥር ማዶ ያህያ አለ፤ አብርሃም ከኢብራሂም ጋር ዕድር ይጠጣል፤ ሙሴ ሙሳን፣ ሰሎሞን ሱሌይማንን ሲጠራ ስሙን እየጠራ መሆኑን ሁለቱም ያውቁታል። ይህ ግን በጣም ቅርብ ስለ ሆነ ለሊቅነት አይበቃም።

የቤተሰብ ስም የሚባለውም ነገር ከዕውቀታቸው አላመለጠም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 32 ማንኛውም ሰው የቤተሰብ ስም፣ የግል ስምና የአባት ስም ይኖረዋል ቢልም፣ እኛ የራሳችንንና የአባታችንን ስም ይዘን ቀጥለናል፤ ሚስትም አግብታ የአባቷን ስም አልለወጠችም። የውጭ አገር ቅጽ ሲመጣና «ሰርኔም» ሲል አያታችንን ጽፈን እናልፋለን። ሊቃውንቱ ግን በዚያች በቅጽ ሰበብ በተጻፈች የአያት ስም ላይ ዘውድ ደፍተው፣ የቤተሰብ ማኅተም አስቀርጸው፣ ከየትኛው ነገሥታት እንደሚወለዱ ያስረዳሉ።

እስከዚህ ድረስ ያለውን ስቄ ተቀብያለሁ። የማልስቀው ስም ፈቺው ቤት አከራይ ሲሆን ነው፤ ቀጣሪ ሲሆን ነው፤ ለልጁ ሚስት የሚመርጥ አባት ሲሆን ነው። «የአባትሽ ስም ማን ነው? የአያትሽስ?» እያለ በስም መሰላል ወደ ላይ የሚወጣው የቃሉን ሥር ለማወቅ ጓጉቶ አይደለም። ልጅቷ ብርቱካን ቶላ ከድር ብትሆን፣ አንድ ሰው ስሟ ላይ፣ ሌላው አባቷ ላይ፣ ሌላው አያቷ ላይ ቆሞ በሩን ይዘጋባታል። በዚህ ከተማ ሦስት ትውልድ እንዴት እንደ ኖረ፣ ማን ማንን እንዳገባ፣ ለልጁም ስም ያወጣው የትኛው ጎረቤት እንደ ነበር በስሟ ላይ ተጽፎ ሳለ እርሱ የሚፈልገው ከየትኛው ወገን እንደሚቆጥራት ብቻ ነው። ይህ ዕውቀት አይባልም። ወራዳነት ነው፤ የሚሠራውም በስም ትርጉም ተሸፋፍኖ፣ በፈገግታ፣ ሻይ ተጋብዞ ስለ ሆነ ይበልጥ ያስጠላል።

ወደ ምስጋናዬ ልመለስ። ሮበርትን ዘመድ ያደረጉት ሊቅ አሁን መጽሐፍ እያዘጋጁ እንደ ሆነ ነግረውኛል፤ የዓለም ስሞች ሁሉ በአንድ ጥራዝ ይወጣሉ፤ ናፖሊዮን ብቻ አሥር ገጽ ይፈጃል። የእሳቸውን ስም አልጠቅስም፤ እናቶች በኀዘናቸው ምክንያት ያወጧቸዋል ብዬ ከላይ ከዘረዘርኳቸው አንዱ መሆኑን ብቻ እናገራለሁ። እናታቸው ዛሬም በሕይወት አሉ። ለመሆኑ የራስዎ ስም በመጽሐፉ ውስጥ ስንት ገጽ ተሰጠው ብዬ ጠየቅኋቸው። «የእኔማ ተራ ስም ነው፤ ትርጉም የለውም» አሉና ናፖሊዮንን ካቆሙበት ቀጠሉ።