ጫማ ሰቅሎ በማግስቱ ማይክ?

ሰሞኑን እዚሁ ጎንደር አንድ የኤፍኤም ጣቢያ የፋሲል ከነማን ጨዋታዎች በቀጥታ ያስተላልፉ የነበሩ ጋዜጠኞችን ወደ ጎን ብሎ፣ ቦታውን በቅርቡ ጫማ ለሰቀለ ተጫዋች ሰጥቷል። ተጫዋች ስቱዲዮ መግባቱ እሰየው ነው። የሚያበሽቀው የጣቢያው ኃላፊ በአየር ላይ የሰጡት ምክንያት ነው፦ ኳስ የተጫወተ ሰው ስለ ኳስ ለማውራት ሥልጠና አያሻውም፤ ጋሪ ሊንከርስ መቼ ጋዜጠኝነት ተማረ?

ሊንከርን ለዚህ ክርክር ምስክር መጥራት በራስ ላይ ግብ ማስቆጠር ነው። ሊንከር እ.ኤ.አ. በ1986ቱ የዓለም ዋንጫ በ6 ግብ ኮከብ ግብ አግቢ የነበረ፣ ለእንግሊዝ 48 ጊዜ ያስቆጠረ ሰው ነው። ጫማውን የሰቀለው በ1994 ጃፓን ውስጥ ሲጫወት ቆይቶ ነው። የቢቢሲን የቅዳሜ ምሽት የእግር ኳስ ፕሮግራም በቋሚነት መምራት የጀመረው ደግሞ በ1999። በመካከሉ ያሉት 5 ዓመታት የት ገቡ? ሬዲዮ ላይ ፕሮግራም በመምራት፣ በተንታኝ ወንበር በመቀመጥ፣ በሌሎች አዘጋጆች ጥላ ሥር በመሥራት አለፉ። የዓለም ዋንጫ ኮከብ 5 ዓመት ተራውን ጠበቀ፤ የእኛው ሰው ግን በአንድ የዝውውር መስኮት ጊዜ ውስጥ ጨርሷል ተባለ። ደግሞስ ሊንከር የሚታወቀው በፕሮግራም መሪነቱ እንጂ ጨዋታ ከደቂቃ ደቂቃ በማስተላለፍ አይደለም። ኃላፊው ሦስት የተለያዩ ሙያዎችን አንድ ላይ ጨፍልቀዋቸዋል፤ ፕሮግራም የሚመራው ሌላ፣ ጨዋታውን የሚያስተላልፈው ሌላ፣ የሚተነትነው ሌላ ነው። ለተጫዋች የሚቀርበው ሦስተኛው ሲሆን፣ የተሰጠው ግን ከሁሉ የሚከብደው ሁለተኛው ነው። ያውም በሬዲዮ።

የሬዲዮው ነገር ነው ዋናው። ቴሌቪዥን ላይ ያለ አስተላላፊ ዝም ቢል ሥዕሉ ይናገርለታል። ሬዲዮ ላይ ዝም ሲል ሜዳውም ተጫዋቹም ኳሱም ይጠፋሉ። ከፒያሳ አዘዞ የሚመላለስ የባጃጅ ሹፌር፣ ማራኪ ሱቋን ከፍታ የምትጠብቅ እናት ጨዋታውን የሚያዩት በሌላ ሰው ምላስ ነው። ፋሲል የ2013 ዓ.ም. ዋንጫን ያነሳው ውድድሩ በተመረጡ ከተሞች እየተዘዋወረ በሚካሄድበት ዓመት መሆኑን አንርሳ። ጎንደሬው የሻምፒዮንነቱን ጉዞ ፋሲለደስ ስታዲየም ቁጭ ብሎ አላየውም።

ለዚህ አድማጭ የሚያስፈልጉት ጥያቄዎች አምስት ናቸው፤ ኳሱ የት ነው? ማን ይዞታል? ወዴት እየሄደ ነው? ስንተኛው ደቂቃ ነው? ውጤቱ ስንት ነው? እነዚህን ሳይመልስ ስለ ታክቲክ የሚያወራ ሰው አድማጩን ጨለማ ውስጥ ጥሎት ሄዷል። እንግሊዞቹ ይህን የተረዱት ገና በመጀመሪያው ቀን ነው። እ.ኤ.አ. በጥር 1927 ቢቢሲ የእንግሊዝንና የዌልስን የራግቢ ግጥሚያ በቀጥታ ሲያስተላልፍ ማይኩን የሰጠው ለቀድሞው ራግቢ ተጫዋች ለቴዲ ዌክላም ነበር። አዎ፣ ለተጫዋች! ግን ተጫውቷልና ይበቃዋል ብለው አልለቀቁትም። አዘጋጁ አንድ ዓይነ ስውር ሰው አምጥቶ ፊት ለፊቱ አስቀመጠና ጨዋታውን ለእሱ እንዲነግረው አደረገ። ከአንድ ሳምንት በኋላ የአርሰናልና የሼፊልድ ዩናይትድ የእግር ኳስ ጨዋታ ሲተላለፍ ደግሞ ሜዳው በ8 አራት ማዕዘን ተከፍሎ፣ ሥዕሉ በሬዲዮ መጽሔት ታትሞ ወጣ፤ ሌላ ድምፅ ከጎን ሆኖ ኳሱ ያለበትን ቁጥር ይጠራ ነበር። የአሜሪካው የቤዝቦል አስተላላፊ ሬድ ባርበር ውጤት መናገር እንዳይረሳ የ3 ደቂቃ የአሸዋ ሰዓት አጠገቡ ያስቀምጥ ነበር፤ አሸዋው ባለቀ ቁጥር ውጤቱን ተናግሮ ይገለብጠዋል። ይህን ሁሉ የፈጠሩት ኳስ የማያውቁ ሰዎች ስለነበሩ አይደለም፤ ማወቅና ማሳየት እንደሚለያዩ ስለገባቸው ነው።

በፋሲል የ2013 ዓ.ም. ስብስብ እናስረዳ። «ሽመክት ይዟል፣ ከመሃል መስመሩ 10 ሜትር አልፎ፣ በቀኝ በኩል፤ ወደ ውስጥ ለሱራፌል፤ ሱራፌል ከሳጥኑ ጫፍ፣ ለሙጂብ ሰነጠቀለት፣ በረኛው ቀድሞ ወጣ፣ ያዘው! 31ኛ ደቂቃ፣ 0 ለ 0።» ይህን የሰማ ሰው አየ። አሁን ደግሞ የሰሞኑን ስርጭት መሰል አንድ እንስጥ፦ «ኧረ ይሄን! አቀብለው እንጂ! አይ ጥሩ ኳስ ነበረች፤ እዚህ ጋ ተመላላሹ ገባ ማለት ነበረበት።» የት ጋ? ማን? ለማን? ይህ አስተላላፊ ሳይሆን ተቀያሪዎች ወንበር ላይ የተቀመጠ ሰው ድምፅ ነው።

ችግሩ የስንፍና አይደለም፣ የልምድ ነው። ጥሩ ተጫዋች ለዓመታት የሰለጠነው ዓይኑን ከኳሱ እንዲያነሳ ነው፤ ክፍተቱን፣ የባላጋራውን ትከሻ፣ የተከላካዩን መስመር እንዲያይ። ሜዳ ላይ ያነገሠው ይህ ዓይን ማይክ ላይ ያዋርደዋል፤ ኳሷ በግራ እየሄደች እሱ ስለ ቀኙ ያወራልና። ይህን ልማድ የሚሰብረው ልምምድ እንጂ የተጫወተባቸው ዓመታት ብዛት አይደለም። የበለጠ ከተጫወተ ጭራሽ ይብስበታል።

በዚያ ላይ ሜዳው ድረስ ሰው መላክ ያልቻለ ጣቢያ የሚያስተላልፈው ከስክሪን ላይ እያየ ነው፤ ይህ ደግሞ የራሱ ወጥመድ አለው። በሳተላይት የሚመጣው ምስል ከሜዳው በሴኮንዶች ይዘገያል። ካሜራው ድጋሚ ምስል ሲያሳይ ጨዋታው ቀጥሏል፤ ያልለመደ አስተላላፊ ድጋሚውን እንደ አዲስ ሙከራ ያስተላልፈዋል፣ ሲብስም አንዷን ግብ ሁለት ጊዜ ያገባታል። ቅያሪው በስክሪኑ ካልወጣ የገባውን ሰው ሳያውቅ 10 ደቂቃ በወጣው ስም ይጠራዋል። መፍትሔው የታወቀ ነው። የቴሌቪዥኑ ድምፅ ከሄድፎኑ ይጥፋ፤ አለዚያ ሳያውቀው የሌላውን ሰው ቃል ይደግማል። ስታዲየም ያለ አንድ ሰው በስልክ ቅያሪና ካርድ ይንገረው። ከፊቱ አንድ ትልቅ ሉህ ይዘርጋ፤ ሁለቱ ቡድኖች በአሰላለፋቸው ተቀምጠው፣ ከእያንዳንዱ ስም ጋር የማልያ ቁጥር፣ የሚጠቀምበት እግር፣ ግቡና ካርዱ፣ ከታች ተቀያሪዎችና ዳኞች። የውጭ ተጫዋች ስም እንደሚነበበው በአማርኛ ይጻፍ። ይህን ሉህ በወጉ ማዘጋጀት ግማሽ ቀን ይበላል። በጨዋታው ወቅት አብዛኛው ሳይነበብ ይቀራል፤ ግን ያልተነበበው ነው አስተላላፊውን የሚያረጋጋው።

ስለ ሕጉም አንድ ነገር። ተጫዋች ሕግ ያውቃል የሚባለው ግማሽ እውነት ነው፤ የሚያውቀው እሱ ሲጫወት የነበረውን ነው። በረኛ ኳስ በእጁ ከ6 ሰከንድ በላይ ከያዘ ቀጥተኛ ያልሆነ ቅጣት ምት የነበረው፣ እ.ኤ.አ. ከ2025/26 ውድድር ዓመት ጀምሮ 8 ሰከንድ ሆኖ ቅጣቱም የማዕዘን ምት ሆኗል። ዳኛው የመጨረሻዎቹን 5 ሰከንዶች እጁን አንሥቶ ይቆጥራል። ይህን ያላነበበ አስተላላፊ ዳኛው ማዕዘን ሲያሳይ «ምን ዓይነት ዳኛ ነው» ብሎ ከተማውን ያስቆጣል። ጂሚ ሂል ተጫዋችም አሠልጣኝም የነበረ የቴሌቪዥን ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1972 አርሰናልና ሊቨርፑል ሲጫወቱ የመስመር ዳኛው ተጎዳ፤ ከተመልካች መሃል ተነሥቶ ባንዲራውን የያዘው ሂል ነበር፤ የዳኝነት ፈቃድ ስለነበረው። ሕጉን ተምሮት ነበር ማለት ነው።

ለተጫዋች ያለን ክብር ጎደለ የሚል ካለ፣ ክብሩን የነፈገው ሳያዘጋጁ እሳት ላይ የጣደው ጣቢያ ነው። በ5ኛው ደቂቃ ድምፁን ጣሪያ ላይ ሰቅሎ በ80ኛው የሚጎረንን ሰው መሳቂያ ይሆናል፤ ሳቁም ሜዳ ላይ ያፈራውን ስም ይበላል። የቀድሞው የማንቸስተር ዩናይትድ ተከላካይ ጋሪ ኔቪል በተንታኝነቱ የተመሰከረለት ነው። እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2015 ቫሌንሲያን ሊያሠለጥን ሄዶ ግን በባርሴሎና 7 ለ 0 ተሸንፎ፣ 4 ወር ሳይሞላው ተሰናበተ። አንዱን ሙያ መቻል ለሌላው ዋስትና አልሆነውም። በሌላ በኩል በ1980 ዓ.ም. የሴካፋ ዋንጫ የስፖርት ጋዜጠኛውን የደምሴ ዳምጤን ድምፅ የሰማ ትውልድ፣ ደምሴ ለየትኛው ክለብ ተሰልፎ ነበር ብሎ ሲጠይቅ ሰምተን አናውቅም።

አዎ፣ ተጫዋቹ የሚያየውን ጋዜጠኛው አያይም። ተከላካዩ ሰውነቱን ወደ የት እንዳዞረ፣ በረኛው ግድግዳውን ለምን በ4 ሰው እንዳቆመ በ15 ሰከንድ ሊነግረን የሚችለው እሱ ነው። (ቀኑን ሙሉ የማንቸስተርን የዝውውር ወሬ ሲያነቡ የሚውሉት ጋዜጠኞቻችን ይህን እንደማይችሉትም እንመሰክራለን።) ቦታው ታዲያ ከዋናው አስተላላፊ ጎን ነው፤ ኳስ ስትቆም ይናገር፣ ስትንቀሳቀስ ያቁም። ባለፈው ዓመት አብሮት ልብስ የቀየረ ጓደኛው ሲሳሳት «ወንድሜ ዕድል አልቀናውም» ማለቱንም ቢተው።

ዋና አስተላላፊ ይሁን ከተባለም መንገዱ አለ። ቢያንስ 20 ጨዋታ ስቱዲዮ ተዘግቶ ለመቅጃ ብቻ ያስተላልፍ። ቅጂውን ጨዋታውን ላላየ ሰው ያሰሙለትና ኳሱ የት እንደነበረ ይጠይቁት፤ መመለስ ካልቻለ ይደገም። ከዚያ ከፕሪሚየር ሊጉ በታች ያለው የከፍተኛ ሊግ ጨዋታ፣ ከዚያ ፋሲል። ወጪው አንድ ሪኮርደር፣ ጥቂት ሉህ ወረቀትና ከኃላፊው ትንሽ ትዕግሥት ነው። እስከዚያው የተነሱት ጋዜጠኞች ስልካቸው አልተቀየረም።