ፊዚክሱን ጥለው አልሄዱም

ስለ እንግሊዛዊው የፊዚክስ ሊቅ ጆን ፖልኪንግሆርን የጻፋችሁትን ጣና ዳር ቁጭ ብዬ ሁለቴ አነበብኩት። እናመሰግናለን! ግን "ሳይንስን ትተው ቄስ ሆኑ" የሚለው አልተዋጠልኝም። እርግጥ እ.ኤ.አ. በ1979 የካምብሪጅ ፕሮፌሰርነታቸውን ለቀዋል። በ1982 በአንግሊካን ቤተ ክርስቲያን ቅስና ተቀብለዋል። ስለ ኳንተም ፊዚክስ መጻፋቸውን ግን አላቆሙም።

እኔ እዚህ ባሕር ዳር ፊዚክስ አስተምራለሁ። ተማሪዎቼ "ቲቸር፣ ከሳይንስና ከእምነት አንዱን መምረጥ የለብንም?" ይሉኛል። ያኔ ሁላችንም የምናውቃትን የደንገል ታንኳ አነሳላቸዋለሁ። ለምን አትሰጥምም? ደንገሉ ከውኃ ስለሚቀል። ለምን ወደ ክብራን ገብርኤል ትሄዳለች? ቀዛፊው ቅዳሴ ሊደርስ። ሁለቱም እውነት ነው፤ አንዱ ሌላውን አይሽርም።

ባለፈው አንዷ ተማሪዬ "ታዲያ ሁለቱንም መማር ይቻላል?" አለችኝ። ጽሑፋችሁን ልኬላታለሁ።